ከድንች ማሳ እስከ ቀፎ አፍ፦ በአንኮበር ቁልቁለት የአምስት ቀን የጉዞ ማስታወሻ

ጥቅምት 21፣ ደብረ ብርሃን

ለዚህ ጉዞ ያነሣሣኝ አንድ የስልክ ጥሪ ነው። አልዩ አምባ ተወልዶ አዲስ አበባ የሚኖር የቆየ ወዳጄ፣ ንብ የሚያረቡት አጎቱ ዘንድሮ ማር ሊቆርጡ ቀፎ ሲከፍቱ በጀርባው ላይ የራስ ቅል የሚመስል ምልክት ያለው ትልቅ የእሳት እራት ሞቶ እንዳገኙ፣ ከዚያም በፊት በሌሊት ከቀፎው ውስጥ እንደ አይጥ ሲጥ ሲጥ የሚል ድምፅ ይሰሙ እንደነበር ነገረኝ። ለዓመታት ባዮሎጂ ሳስተምር ስለዚህ ፍጥረት ከመጻሕፍት እያነበብሁ ለተማሪዎቼ አውርቻለሁ፤ በዓይኔ አይቼው ግን አላውቅም። እጩ ማለትም ትሉ የድንች ቅጠል ይበላል፤ ክንፍ ካወጣ በኋላ ደግሞ ማር ፍለጋ ቀፎ ይገባል። ጥቅምት ደጋው ድንቹን የሚቆፍርበት፣ ቆላው ደግሞ ማሩን የሚቆርጥበት ወር በመሆኑ ለዚህ ጉዳይ ከዚህ የተሻለ ጊዜ እንደማይገኝ ዐውቅ ነበር፤ ስለዚህ ፈቃድ ጠይቄ ከወዳጄ ጋር ተነሣን።

ከአዲስ አበባ እስከ ደብረ ብርሃን ያለው መንገድ 130 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ስለ መንገዱ የምጽፈው ብዙ የለኝም፤ ገብሱ ነጥቷል፣ ጤፉ ገና ነው፣ ከሰዓት በኋላም ደረስን። ከተማዋ ከባሕር ወለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ ፀሐይ እንደጠለቀች ብርዱ አጥንት ውስጥ ይገባል። ያረፍንበት ቤት እመቤት «በጥቅምት አንድ አጥንት ይባል የለም?» እያሉ ትኩስ ቅቅል አቀረቡልን።

ከእራት በኋላ በግቢው አምፖል ሥር ለአንድ ሰዓት ያህል ተቀመጥሁ። ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ይህችን ከተማ የቆረቆሯት ከሰማይ ብርሃን ታየ በተባለበት ቦታ ነውና፣ ብርሃን የሚዞሩ ፍጥረታትን ለመመልከት የተገባ ስፍራ መስሎ ታየኝ። ከብርዱ የተነሣ የመጡት ጥቂት ትንንሾች ብቻ ነበሩ። አባቶቻችን «የእሳት እራት» ያሏቸው ወደ ነበልባል እየገቡ ሲቃጠሉ አይተው ነው፤ ምክንያቱ ግን ሰዎች ለብዙ ዘመን እንደገመቱት የብርሃን ፍቅር አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2024 በፈጣን ካሜራ የተሠራ ጥናት በሌሊት የሚበርሩ ነፍሳት ጀርባቸውን ወደ ብርሃኑ እንደሚያዞሩ አሳይቷል። አምፖል ሳይፈጠር በፊት በሌሊት ብሩህ የሆነው ሰማይ ስለነበር፣ ጀርባን ለብርሃን መስጠት ላይና ታችን ለመለየት ይበቃ ነበር። መብራት በጎን ወይም በታች በኩል ሲመጣ ግን ያው ልማድ በራሪውን እያዘመመ በአምፖሉ ዙሪያ ያሽከረክረዋል።

እኛ የምንፈልገው ግን ወደ መብራት እምብዛም አይመጣም። ዘመዶቹ እንደሚያደርጉት በየአበባው ላይ ቆሞ ሲቀስምም አዘውትሮ አይታይም። ስሙ የእሳት እራት ይባል እንጂ የሚሄደው ወደ ማር ነው።

ጥቅምት 22፣ አንኮበር

በማለዳ ሣሩ ላይ አመዳይ ተጋግሮ ነበር። ወደ አንኮበር የሚወስደው 40 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ በጎሽ ሜዳ በኩል አድርጎ ደጋውን ሲያቋርጥ ከቆየ በኋላ ሜዳው በድንገት ያልቅና ምድሪቱ ወደ ምሥራቅ ተቆርጣ ትወርዳለች። ከዚያ በኋላ አየሩም፣ ዛፉም፣ የሰዉ አለባበስም በየኪሎ ሜትሩ ይለወጣል።

ከከተማዋ ዝቅ ብሎ ባለ እርከን ላይ አንዲት እናት ከወንድ ልጃቸውና ከሁለት ጎረቤቶቻቸው ጋር ድንች ሲቆፍሩ አገኘን። «እግዜር ያበርታችሁ» አልን፤ «አሜን፣ ደኅና ናችሁ?» አሉን። የመጣንበትን ጉዳይ ስንናገር እኚህ እናት ዶማውን መሬት ላይ አስደግፈው «ከከተማ ድንች ሊገዛ የሚመጣ አለ፤ ትል ፍለጋ የመጣ ግን እናንተን አየሁ» አሉ። ልጃቸው ግን ነገሩ ወዲያው ገባው። «ባለ ቀንዱን ነው የምትሉት?» ብሎ ከወንዙ ዳር ዘግይቶ ወደ ተተከለው፣ ቅጠሉ ገና ወዳልደረቀው ማሳ ወሰደን።

ትሉን ከማየታችን በፊት ፋንድያውን አየን። የሽምብራ ፍሬ የሚያህል፣ ቅርጹ በርሜል የመሰለ፣ በቁመቱ ስድስት ቦታ የተቦረቦረ ጥቁር ነገር ከአንዱ ድንች ሥር ተበትኗል፤ ከበላዩ ያለው ግንድም ቅጠሉ ተላጭቶ አጽሙ ቀርቷል። ልጁ ጣቱን ወደ ላይ ሲያነሣ ትሉ እዚያው ፊታችን ነበር። እንዲያ ያለ ትልቅ ፍጥረት በቅጠል መካከል ተሰቅሎ እንዴት ለዓይን እንደሚሰወር እስካሁን ይደንቀኛል። በማስመሪያ ስለካው ርዝመቱ 12 ሳንቲ ሜትር ሆነ፤ ውፍረቱ አውራ ጣቴን ያህላል። መልኩ የሎሚ ቢጫ ሲሆን፣ በሁለቱም ጎኑ ወደ ኋላ ያዘነበሉ ሰባት ሰባት ሰያፍ መስመሮች አሉት፤ መስመሮቹ ከላይ ወደ ሰማያዊና ወይን ጠጅ ይወስዳቸዋል። ከዚህ ሌላ አረንጓዴና ቡናማ የሆኑ ወንድሞች አሉት። በጅራቱ በኩል ያለው ቀንድ ወደ ታች ተቆልምሞ ጫፉ እንደገና ወደ ላይ ይመለሳል፤ በእጅ ሲዳስሱት እንደ ምላስ ይሻክራል፤ አይዋጋም፣ መርዝም የለውም።

በሣር ስነካው የፊቱን ክፍል ቀጥ አድርጎ አንሥቶ ራሱን ወደ ደረቱ አጠፈ፤ ቀጥሎም መንጋጋዎቹን እያጋጨ ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ አደረገ። ይህ የእሳት እራት የሚመደብበት ቤተሰብ በሙሉ በዓለም ዙሪያ «ስፊንክስ» የሚል ስም ያገኘው ከዚህ አቀማመጥ ነው፤ ደረቱን አቅንቶ አንገቱን ሰብሮ የሚቀመጠው እጭ በግብፅ በረሃ የተጋደመውን የድንጋይ ሐውልት አስታውሷቸው ነው። ቤተሰቡ ከ1,400 በላይ ዝርያዎችን ያቀፈ ሲሆን፣ የኛው በሳይንሳዊ ስሙ አኬሮንቲያ አትሮፖስ ይባላል።

እናቱ «ብዙ ጉዳት ያደርሳል?» ስላቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። «የያዘውን ሥር ቅጠል አያስቀርለትም፤ ግን እዚህ አንድ፣ እዚያ አንድ ነው፤ ለቅመን እንጥለዋለን። እኛን የሚያስለቅሰን ቅጠሉን የሚያቃጥለው በሽታ ነው።» አባባላቸው ትክክል ነው። እናቲቱ የእሳት እራት እንቁላሎቿን በአንድ ቦታ ሳትከምር በየቅጠሉ ጀርባ አንድ አንድ እያደረገች ስለምታኖር፣ እጮቹ ማሳን በመንጋ አይወርሩም። እያንዳንዱ እጭ አራት ጊዜ ቆዳውን እየገፈፈ አምስት ደረጃዎችን ያልፋል፤ ከሚበላው አብዛኛውን የሚበላው በመጨረሻው ደረጃ ስለሆነ፣ ገበሬው የሚያየው ትሉ ወደ ማብቂያው ሲቃረብ ነው። ሌላ ትል ደግሞ አገኘን፤ ዝሎ ተንጠልጥሏል። ሰውነቱ ውስጥ የዝንብ ልጆች ይዘውት ነበር፤ አንዳንድ ዝንቦች ልጆቻቸውን የሚያሳድጉት የእሳት እራት እጭን ከውስጥ እየበሉ ነው። የማሳው ጥበቃ በከፊል የተሠራው እንዲህ ባሉ በማይታዩ እጆች ነው።

ወደ ቆፋሪዎቹ ስንመለስ ከዶማው ሥር እኔ የምፈልገው ሁለተኛው ነገር ወጥቶ ጠበቀን። ልጁ «ይሄኛው ደግሞ ሌላ ነው፤ የመሬት ውስጥ ነው፤ ይወዛወዛል» ብሎ እጁን ዘረጋልኝ። የመካከለኛ ጣቴን የሚያህል፣ እንደተወለወለ እንጨት የሚያንጸባርቅ፣ ቀይ ዳማ መልክ ያለው ፑፓ፣ ማለትም ትሉ ክንፍ ወዳለው ፍጥረት የሚለወጥበት ደረጃ ነበር፤ ስይዘው የሆዱን ክፍል ግራና ቀኝ አወዛወዘ። ከአፈሩ ውስጥ ሦስት ወጥተዋል፤ አንዱን ዶማው ገምሶታል፣ አንዱ ቀይ ነው፣ አንዱ ግን ጠቁሯል። የጠቆረውን ወደ ፀሐይ ዞር ሳደርገው በስስ ቆዳው ውስጥ የክንፉ ሥዕል ይታይ ነበር። ይህ ማለት ለመውጣት የቀሩት ቀናት ጥቂት ናቸው።

ለእናቲቱ ትሉና ይህ የሚወዛወዘው ነገር አንድ መሆናቸውን አስረዳኋቸው፤ እጩ በልቶ ሲጨርስ መልኩ እንደሚጨልም፣ ከቅጠሉ ወርዶ መሬት እንደሚቆፍር፣ ክንድ ያህል ባይሆንም አንድ ስንዝርና ከዚያ በላይ ጠልቆ ግድግዳው የለሰለሰ ክፍል እንደሚያበጅ፣ እዚያም ቆዳውን ገፍፎ ፑፓ እንደሚሆን ነገርኋቸው። በጥሞና ሰሙኝ። ዕድሜያቸውን ሙሉ ትሉን ሲለቅሙ፣ ፑፓውንም በዶማ ሲያወጡ ኖረዋል፤ ሁለቱን ግን አንድ ላይ አስበዋቸው አያውቁም። በመጨረሻ ጥያቄያቸውን አቀረቡ፦

«እሺ፣ ይሁን። ታዲያ ከዚህ ክንፍ አውጥቶ ወዴት ነው የሚሄደው?»

ከነገ ወዲያ አልዩ አምባ ወርጄ መልሱን እንደምልክላቸው ቃል ገባሁ። የጠቆረውን ፑፓ ከማሳው እርጥብ አፈር ጋር በወተት ጣሳ አድርገው ሰጡኝ፤ በላዩም ቆሞ እንዲወጣበት ደረቅ እንጨት ሰካሁለት።

ጥቅምት 23፣ አንኮበር

ዛሬ ጊዮርጊስ ነው፤ ዶማ የሚያነሣ ገበሬ የለም። እኛም ቀኑን በእግር ስንዞር ዋልን።

የፈለግሁት አንድ ጥያቄ ለመመለስ ነበር። ድንች ወደ አገራችን የገባው እ.ኤ.አ. በ1858 ሲሆን፣ ያስገባውም ጀርመናዊው የዕፅዋት ተመራማሪ ሺምፐር ነው። አኬሮንቲያ አትሮፖስ ግን የአፍሪካ ተወላጅ ነው። ታዲያ ከድንች በፊት ምን ይበላ ነበር? መልሱን ለማግኘት ከመንገዱ ዳር አልራቅንም። የከብቶች መዋያ ላይ እምቧይ ቢጫ ፍሬውን አንጠልጥሏል፤ በድንጋይ ካብ ሥር ግዛዋ በቅሏል፤ በቆሻሻ መጣያው አጠገብ አስተናግር ነጭ መለከት የመሰለ አበባውን ከፍቷል። ሦስቱም ከድንች፣ ከቲማቲምና ከበርበሬ ጋር አንድ ቤተሰብ ናቸው፤ ከብት እንኳ የሚሸሻቸውን መርዛማ ቅጠሎች ይህ እጭ ይበላቸዋል። ከዚህ ቤተሰብ ውጭም ወይራንና የወፍ ቆሎን ይመገባል። ስለዚህ ድንች ሲመጣ አዲስ ተባይ አልመጣም፤ የቆየው ነዋሪ አዲስ ማዕድ ቀረበለት እንጂ። እምቧዩን ቅጠል በቅጠል ብንገልጥም ትል አላገኘንም፤ በአንዱ ሥር ግን ያንኑ በርሜል መሳይ ፋንድያ ደርቆ አየን።

ከሰዓት በኋላ ከገደሉ ጫፍ ተቀመጥን። በዚህ ገደል አካባቢ በዓለም ላይ ከኢትዮጵያ በቀር የማትገኝ፣ ስሟንም ከአንኮበር የወሰደች ትንሽ ቡናማ ወፍ አለች፤ አላየናትም። ከፊታችን ምድሪቱ እየተደራረበች ወደ አፋር ቆላ ትወርዳለች። እንዲህ ያለውን ርቀት እያየሁ የዚህን የእሳት እራት የጉዞ ጉልበት ለወዳጄ ነገርሁት። በየዓመቱ ከአፍሪካ ተነሥተው የሜዲትራንያንን ባሕር እየተሻገሩ አውሮፓ ይገባሉ፤ ከአልፕስ ተራሮች በስተሰሜን ያለውን ክረምት ግን አይችሉትም። እ.ኤ.አ. በ2022 የታተመ አንድ ጥናት ላይ ተመራማሪዎች በእነዚሁ የእሳት እራቶች ጀርባ ላይ እጅግ ትንሽ የሬዲዮ ማሠራጫ ለጥፈው ከጀርመን ከለቀቋቸው በኋላ፣ በትንሽ አውሮፕላን ሌሊቱን ተከትለዋቸዋል። አንዳንዶቹ በአራት ሰዓት ውስጥ 80 ኪሎ ሜትር ያህል በረው ወደ አልፕስ ገቡ፤ ነፋስ ሲገጥማቸው ዝቅ ብለው ወይም ፍጥነት ጨምረው መሥመራቸውን ሳያዛንፉ ሄደዋል። ወዳጄ ጥቂት ዝም ብሎ ወደ ጣሳው እየተመለከተ «ከእማማ ማሳ እስከ አጎቴ ቀፎማ በአንድ ሌሊት ደርሶ ይመለሳል» አለ። እኔም ሳስበው የነበረው ይህንኑ ነው።

ማታ ብርድ እንዳያገኘው ጣሳውን በጋቢ ጠቅልዬ አሳደርሁት።

ጥቅምት 24፣ አልዩ አምባ

ቁልቁለቱን ጭነት ከያዙ አህዮች ኋላ በእግር ወረድን። ጋቢያችንን አወለቅን፣ ቀጥሎ ሹራባችንን፤ እኩለ ቀን ላይ ደግሞ ጥላ ፍለጋ ጀመርን። አልዩ አምባ አንኮበር የነገሥታት መናገሻ በነበረችበት ዘመን ከባሕር ጠረፍ የሚመጡ ሲራራ ነጋዴዎች የሚገበያዩባት ስመ ጥር ገበያ ነበረች።

የወዳጄ አጎት «አሰላሙ ዓለይኩም» ስንላቸው ከበሩ ላይ ተነሥተው ተቀበሉን። ሰዉ ሁሉ «ሐጂ» ይላቸዋል፤ እኔንም ገና ከመጀመሪያው «መምህር» ብለው ጠሩኝ። ቡናው ሳይፈላ በፊት በወረቀት የተጠቀለለውን ነገር ከሣጥን አውጥተው ከፊቴ አኖሩት።

የሞተው ከሦስት ሳምንት በፊት ነው። ንቦቹ አካሉን ከቀፎው ማውጣት ስላልቻሉ ከዛፍ በሚለቅሙት ሙጫ ለብጠውታል፤ እንዲህ የሚያደርጉት በውስጣቸው እንዳይበሰብስ ነው። አንዱ ክንፍ ግን ንጹሕ ነበርና ዘርግቼ ለካሁት፤ ከጫፍ እስከ ጫፍ ሲሰላ 11 ሳንቲ ሜትር ከግማሽ ይሆናል። የፊት ክንፉ ጥቁር ቡናማ ሆኖ እንደ ዛፍ ቅርፊት ተዥጎርጉሯል፤ የኋላ ክንፉ ደማቅ ቢጫ ሲሆን ሁለት ጥቁር መቀነቶች አሉት። በትከሻው ላይ ደግሞ ያ ዝነኛ ምልክት አለ፦ ሁለት ጥቁር ዓይኖች፣ ፈዛዛ ግንባር፣ ጠበብ ያለ አገጭ። ካርል ሊኔየስ እ.ኤ.አ. በ1758 ስም ሲያወጣለት፣ በጥንት ግሪኮች ተረት የሰውን የዕድሜ ክር በመቀስ ትቆርጣለች የምትባለውን የአትሮፖስን ስም ሰጠው፤ በኋላ የተጨመረው አኬሮንቲያ የሚለው ስምም የሙታን አገር ወንዝ ከሆነው ከአኬሮን የመጣ ነው። በአውሮፓ ገጠሮች ለብዙ ዘመን የሞት መልእክተኛ ተደርጎ ይፈራ ነበር።

ይህን ለሐጂ ስነግራቸው አጎንብሰው ትክ ብለው አዩት። «የራስ ቅል ነው የምትሉት? እኔስ የንብ ፊት ነው የሚታየኝ» አሉ። ደግሜ ስመለከተው በእርግጥም ንብን ከፊት ለፊት ሲያዩዋት ያላት መልክ ነበረው፤ ከዚያ በኋላ ዓይኔ ወደ ራስ ቅሉ አልተመለሰም።

አፉን በማጉያ መነጽር አሳየኋቸው። በዚህ ቤተሰብ ውስጥ እጅግ የረዘመ ምላስ ያላቸው አሉ። ቻርልስ ዳርዊን እ.ኤ.አ. በ1862 ስለ አንድ የማዳጋስካር ኦርኪድ ሲጽፍ፣ የአበባው ማር ወደ 30 ሳንቲ ሜትር በሚጠጋ ቀጭን ቱቦ ጫፍ ስለሚገኝ ያን የሚያህል ምላስ ያለው የእሳት እራት በዚያ ደሴት መኖር አለበት ብሎ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1903 ያ ስፊንክስ ተገልጾ ስም ወጣለት። የኛው ግን ከዚያ ጋር ሲተያይ ተቃራኒ ነው፤ ምላሱ አጭር፣ ወፍራምና ጠንካራ ነው፤ የተዘጋውን የማር እንጀራ ሰም ወግቶ ለመጥባት ይመቻል።

ሐጂ የሚያስጨንቃቸው ግን ሌላ ነበር። «ንቦቼ ክፉ ናቸው፤ ጎረቤት ከብት እንኳ በዚህ አያልፍም። ይሄ እንዴት ነው ገብቶ የሚጠጣው?» አሉኝ። እ.ኤ.አ. በ1991 የወጣ ጥናት ይህን በከፊል መልሶታል፤ በንብ ገላ ላይ የሚገኙ አራት የስብ አሲዶች በዚህ የእሳት እራት ገላ ላይም በተቀራራቢ መጠን ይገኛሉ። ቀፎ ውስጥ ጨለማ ነው፤ ንቦች ወዳጅና ጠላትን የሚለዩት በማሽተት ነው፤ እሱ ደግሞ የነሱን ሽታ ለብሶ ይገባል። ቆዳው ወፍራም ስለሆነ ጥቂት ንድፊያ ቢያገኘውም ይቋቋማል። ይሁን እንጂ ሁልጊዜ አይቀናውም፤ ማስረጃው እፊታችን በሙጫ ታሽጎ ተቀምጧል።

ድምፁን በተመለከተ ሐጂ ሲሰሙት የኖሩት ከመግሪብ በኋላ ነው። ንቦች ከመሰደዳቸው በፊት አውራቸው የምታሰማውን ድምፅ ስለሚመስል፣ መንጋው ሊወጣ ነው ብለው ሁለት ጊዜ ባዶ ቀፎ አዘጋጅተው ነበር። ድምፁ የአውራዋን ቃል አስመስሎ ንቦቹን ያረጋጋል የሚል ግምት በሌላ አገር ንብ አናቢዎች ዘንድም ከጥንት ጀምሮ ነበር፤ ሐጂ ያንን ሳይሰሙ በራሳቸው ጆሮ ደርሰውበታል።

ቡናው ሁለተኛ ሲቀዳ ስለ ፍራንሷ ሁበር አወራሁላቸው። ይህ የስዊዘርላንድ ሰው ከወጣትነቱ ጀምሮ ዓይነ ስውር ነበር፤ በረዳቱ ዓይን እያየ ስለ ንብ ሕይወት ከዓይናሞች በላይ ያወቀ ነው። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መግቢያ ላይ ይኸው የእሳት እራት በበዛበት ዓመት ንቦቹ በቀፎው አፍ ላይ ከሰምና ከሙጫ ግንብ ሠርተው፣ ለራሳቸው ብቻ የሚበቃ ቀዳዳ እንዳስቀሩ ጽፏል። ሐጂ ስኒውን አስቀመጡ። ዓይነ ስውር ሰው ንብ ማርባቱ ይሁን ንቦቹ በር ማጥበባቸው የበለጠ የነካቸው አላወቅሁም፤ ለረጅም ጊዜ ግን ዝም አሉ። ከዚያ እንዲህ አሉ፦

«እሱስ ይሁን። ግን ከየት ነው የሚመጣው? በዚህ ቆላ ትሉንም ልጁንም አይቼ አላውቅም።»

ወዳጄ ጣሳውን ከጋቢው ፈትቶ ከፊታቸው አኖረላቸው።

ሌሊት በጭስ ማር ሲቆረጥ አብረን አመሸን፤ ከእበት በተመረጉት ሦስት ቀፎዎች ውስጥ ሌላ የእሳት እራት አላገኘንም።

ጥቅምት 25፣ አልዩ አምባ

ቀኑን ሙሉ ከጣሳው አልራቅሁም። ከደጋው አፈር ወደ ቆላው ሙቀት መውረዱ ፑፓውን አፍጥኖት ነበር፤ በጠዋት ፍጹም ጠቁሮ፣ የሆዱ ክፍል ለስልሶ፣ በቆዳው ውስጥ ያ የንብ ፊት ቁልጭ ብሎ ይታይ ነበር። ሐጂ ደግሞ ከልጅ ልጆቻቸው ጋር ጭቃና እበት ሲያቦኩ ዋሉ፤ የየቀፎውን አፍ እየመረጉ በእንጨት ጫፍ ንብ ብቻ የምታልፍባቸውን ትንንሽ ቀዳዳዎች አበጁ። የዚህ ሌባ ውፍረት የሰው ጣት ስለሚሆን በዚያ ሊገባ አይችልም።

ከምሽቱ 1 ሰዓት ተኩል ላይ እንደ ደረቅ ቅጠል ያለ ድምፅ ሰማን። ፑፓው በትከሻው በኩል ተሰንጥቋል። መጀመሪያ እግሮቹ ወጡ፣ ቀጥሎ እርጥብና የተጨማደደ ገላ እየተጎተተ መጣ፤ በሰካሁለት እንጨት ላይ ወጥቶ ጫፉን እንዳገኘ ተንጠለጠለ። ክንፎቹ በዚያን ጊዜ የጥፍሬን ያህል ብቻ ነበሩ፤ ታጥቦ እንደተጨመቀ ጨርቅ ተጨማድደዋል። ልጆቹ ትንፋሻቸውን ዋጡ። ከሆዱ የሚገፋው ፈሳሽ በክንፉ ሥሮች ውስጥ ሲገባ ጭምድዱ እየተፈታ ሄደ፤ ቡናማው ተዥጎረጎረ፣ ቢጫው በራ፣ ከግማሽ ሰዓት በኋላም ክንፎቹ ሙሉ ሆነው እንደ ልስልስ ከፋይ ተንጠለጠሉ። በመጨረሻ ቀይ ቡናማ ፈሳሽ አንጠባጥቦ ክንፎቹን በጀርባው ላይ እንደ ጣራ ከደነ።

ወዳጄ የአንኮበሩን ልጅ በስልክ ጠርቶ ድምፁን ወደ ውጭ አወጣው። እኔ በገለባ ጫፍ ደረቱን ነካ አደረግሁ። ገላውን አንሥቶ ቢጫ ሆዱን ገለጠና ሲጥ፣ ሲጥ፣ ሲጥ አለ፤ አጭር፣ ሹል፣ ደጋግሞ የሚመጣ ድምፅ ነው። ይህን የሚያደርገው በአፉ አየር ወደ ጉሮሮው ስቦ ሲያስገባ የጉሮሮውን መዝጊያ እያርገበገበ፣ መልሶም ሲያስወጣው እንደ ፉጨት እያሰማ ነው፤ ሌሎች ነፍሳት እግራቸውን ወይም ክንፋቸውን ሲያፋጩ ይህ ግን እንደ ዋሽንት በትንፋሹ ይጮኻል።

ከስልኩ ውስጥ የእናቲቱ ድምፅ መጣ። «ይሄ የኔ ትል ነው የሚጮኸው?»

«የእርስዎ ነው፣ እማማ» አልሁ። «ወዴት ይሄዳል ብለውኝ አልነበር? ወደ ሐጂ ቀፎ ነው የሚሄደው።»

ለጥቂት ጊዜ ዝምታ ሆነ፤ ከዚያም «አፈር ስሆን! ሐጂ፣ ይቅር ይበሉኝ፤ እኔስ ቅጠል ብቻ የሚበላ መስሎኝ ነበር» አሉ። ሐጂ ወደ ስልኩ ተጠግተው «ምን አጠፉ፣ እትዬ! እርስዎ ትሉን ይልቀሙ፣ እኔ ደጄን አጠብባለሁ» ብለው መለሱላቸው። ከዚያ በኋላ ሁለቱ ስለ ድንቹ ዋጋና ስለ ማሩ መጠን ሲጠያየቁ ቆዩ፤ የአንድ ቁልቁለት ሰዎች ናቸው፣ የሚያገናኛቸውም ገበያ አንድ ነው።

ሐጂ ሊገድሉት አልፈለጉም፤ «በቤቴ ነው የተወለደው» አሉ። ጣሳውን ወደ ደጅ አወጣነው። ከሌሊቱ 6 ሰዓት ሲቃረብ ክንፎቹን ሳይዘረጋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። እነዚህ ትላልቅ የእሳት እራቶች ለመብረር ደረታቸው መሞቅ ስላለበት መጀመሪያ ጡንቻቸውን እያንቀጠቀጡ ያሞቁታል፤ እጄን ሳቀርብ ንዝረቱ በእንጨቱ ላይ ይሰማኝ ነበር። ሦስት ደቂቃ ያህል ተንቀጥቅጦ በድንገት ተነሣ፤ ከበረንዳው አምፖል አጠገብ አለፈ፣ አልዞረውም፣ ወደ ጨለማውም ገባ።

ሐጂ ባትሪያቸውን አብርተው ከግቢው ጥግ ወዳለው ቀፎ ሄዱ። ጭቃ አልቆ ስለነበር ሳይመረግ የቀረው እሱ ብቻ ነው፤ ልጆቹን ውሃ እንዲያመጡ ሲጠሩ ሰማሁ።